ከንፈር የሚያስመጥጥ ሙዚቃ

የሙያ ጓደኞቹ ሆደ ባሻው ይሉታል። ስሙ ያለ ነገር አልወጣለትም፤ ስለ ነባር ሕዝቦች ለሚሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች ሃያ ዓመት ሙሉ ሙዚቃ ሲደርስ፣ ተመልካቹን ከንፈር ሳያስመጥጥ የለቀቀው ፊልም የለም። የሚሠራው ከቤቱ ጀርባ ባለች፣ ግድግዳዋ በአሮጌ ፍራሽ በተሸፈነ ጠባብ ክፍል ነው። ሚስቱ ምሳ ይዛለት ስትገባ ብዙ ጊዜ የምታገኘው ዐይኑን ሲጠርግ ነበር።

አንድ ቀን አብራው የምትሠራው ዳይሬክተር፣ ከሐይቅ ዳር ተነሡ ስለተባሉ ዓሣ አስጋሪዎች የቀረጸችውን ፊልም አመጣችለት። መሐል ላይ አንዲት አሮጊት መረብ እየጠገኑ ዝግ ባለ ድምፅ ያዜማሉ። ቃሉ ገና አልተተረጎመም፤ እሱም ትርጉም አላስፈለገው። እናቱ ከሞቱ ወዲህ እንዲህ አንጀቱን የበላው ድምፅ አልነበረም። ሦስት ሳምንት ደጅ ሳያይ ቫዮሊን በቫዮሊን ላይ ደራረበበት። ዳይሬክተሯ ስትሰማው እንባዋ አመለጣት።

ፊልሙ ለሕዝብ ሳይቀርብ ባለታሪኮቹ ይዩት ተባለና አሮጊቷ ከልጅ ልጃቸው ጋር መጡ። ልጅቷ ታስተረጉማለች። መረቡ ጋ ሲደርስ ቫዮሊኖቹ ተነሡ። አሮጊቷ ዞረው ሹክ ሲሉ ልጅቷ አፏን በእጇ ያዘች።

ሆደ ባሻው ምን እንዳሉ ጠየቀ።

«ማን ሞቶ ነው? ይላሉ» አለችው።

ዘፈኑ ለካ ታንኳ ላይ እንቅልፍ ጥሎት መረቡን ለዓሣ ያስረከበ አማቻቸውን የሚያሾፉበት ነው። ዜማው ዝግ ያለውም አማችየው ዝግተኛ ስለሆነ ነው። ሆደ ባሻው ምድር ተከፍታ ብትውጠው በወደደ። አሮጊቷ ግን እጁን ያዙት።

«ልጄ፣ የምናለቅስበትም አለን። እሱን ራሳችን እናለቅሰዋለን። የዚህን ግን ሳቁን ተውልን።»

ፊልሙን ከመጀመሪያው እያስኬደ እያንዳንዱን ቦታ ጠየቃቸው፤ የነገሩትንም ጻፈ። ከሐይቁ ተነሡ የሚላቸው ባለሥልጣን የሚናገርበት ጋ ሲደርሱ ሙዚቃ አይግባ አሉ፤ ሰውየው የሚለው ጥርት ብሎ ይሰማ። ዳይሬክተሯ ተመልካቹ ይቀዘቅዛል ብላ አኮረፈች። እሱ ግን ወይ እንዲህ ይሁን ወይ ስሜ ይውጣ አለ። ሙዚቃው ከአርባ ደቂቃ ወደ ሰባት ወረደ።

በምረቃው ዕለት መረቡ ጋ ሲደርስ አዳራሹ በሳቅ ተሞላ። ፊልሙ ላይ ባለሥልጣኑ ሲናገር የሚያስል እንኳ ጠፋ። ዳይሬክተሯ ከጎኑ ተቀምጣ ሳታየው እጁን ጨበጠችው።

ከዚያ ወዲህ ግን የድሮ ሥራዎቹ ዕረፍት ነሡት። የስንቱን ሳቅ ለቅሶ አድርጎት ይሆን? ድሮ ሙዚቃ ለሠራላቸው ሦስት መንደሮች ደብዳቤ ጻፈ። ከአንዱ፣ «የእኛስ ልቅሶ ነበር፤ ልክ ነህ» የሚል መልስ መጣለት። የሁለቱን እየጠበቀ ነው።