በማር የተዘፈዘፈው የከርከሮ ጎድን

የልጅ ልጄ እንጅባራ ባለው ቤቷ የበግ ጎድን በማር፣ በነጭ ሽንኩርትና በዝንጅብል ዘፍዝፋ ጠብሳ፣ ሶያ ሶስ የሚሉትን ጥቁር የአኩሪ አተር መረቅ ስታፈስበት፣ ሽታው ልቤን ያዘው። «አያቴ፣ ይቅመሱልኝ» ስትለኝ ሳህኑን ወደ ጎን ገፋሁት።

ታላቅ ወንድሜ አንሙት ኮርያ ዘምቶ ሳለ ይህን አሠራር ከአንድ ቻይናዊ ወጥ ሠሪ ተምሮ ነበር። ከዘመቻ ሲመለስ የምንኖረው ግምጃ ቤት ከተማ አጠገብ ነበር። አንሙት ድንቻችንን የሚቆፍር ከርከሮ ገደለና፣ ለጅብ በመጣል ፈንታ ጎድኑን በማርና በዝንጅብል ዘፍዝፎ ከጓሮ ጠበሰው። ዝንጅብሉን ከየት እንዳገኘው እንጃ።

«እቱ፣ ነይ ቅመሽ፤ ሰማይ አይደፋብሽም» አለኝ። በላሁ። እንዲያ የጣፈጠኝ ሥጋ ከዚያ ወዲህ የለም።

እናታችን ከገበያ ስትመለስ ደረሰችብን። በእኛ ዘንድ ከርከሮ የበላ ከማዕድ ይለያል።

«አንቺስ በላሽ?»

«አልቀመስኩም። እሱ ብቻውን ነው» አልኋት። ጣቶቼ ገና በማሩ ይጣበቃሉ።

አንሙት ጣቶቼን አየና፣ «እውነቷን ነው» አለ።

ሦስት ቀን ደጅ ተቀምጦ ብቻውን በላ። በአራተኛው ዳንግላ ደርሼ ልምጣ ብሎ ወጣ፤ በዚያው ቀረ።

ይህን ለልጅቱ ሳወራላት ሥጋው በረደ። አንድ ነገር ግን አልነገርኋትም። እናቴ ልትሞት ስትል እጄን ይዛ፣ «ሁለታችሁም በልታችሁ ቢሆን ሁለታችሁን ከማዕድ አልለይም ነበር። ልጄ፣ አንሙት እውነት ብቻውን ነበር የበላው?» አለችኝ።

«ብቻውን ነበር፣ እማ» አልኋት።