አባቴ በነጭ አንሶላ ላይ

ይህ ነገር ሊጻፍ የሚገባው መሆኑን አሁንም እጠራጠራለሁ። የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ፤ ከዚህ የሚበልጥ ቁም ነገር ያዩ ብዙ ጓደኞች አሉኝ። ሌላ ልጽፍ በተቀመጥሁ ቁጥር የሚመጣብኝ ግን ይኸው ነው።

አባቴ አሰላ ውስጥ የትምህርት ቤታችን አትክልተኛ ነበሩ። ፈረንጁ የሳይንስ መምህራችን የጭላሎን ዕፅዋት በግቢው መሰብሰብ ስለፈለጉ፣ አባቴ ጅብራና አስታ፣ ሌላም የደጋ ተክል ከተራራው በበቅሎ እያመጡ ተከሉ። መምህሩም ቦታውን በፊልም አነሡት። ፊልሙ ውጭ አገር ታጥቦ እስኪመለስ ወራት ፈጀ፤ በመካከሉ አባቴ በሳንባ ምች ሞቱ። አንድ ፎቶግራፍ እንኳ አልነበራቸውም። እናቴ “ፊታቸው እየጠፋብኝ ነው” ማለት ጀመረች።

ፊልሙ እንደ መጣ፣ እሑድ ከሰዓት በኋላ የመማሪያ ክፍላችንን መስኮቶች በብርድ ልብስ ጋርደን ግድግዳው ላይ አንሶላ ሰቀልን። ጎረቤቱ ሁሉ መጣ። የሲኒማው ማሳያ መኪና ከኋላችን ይንኳኳ ጀመር። መጀመሪያ ጅብራዎቹ ታዩ። ጤዛ ያዘለው ቅጠላቸው ይወዛወዛል፤ ነፋሱ ግን አይሰማም። ፊልሙ ቀለም የለውምና ቀያዮቹ አበቦች አመድ መስለዋል። ከዚያ በአበቦቹ መካከል፣ ውሃ ማጠጫ ይዘው፣ አባቴ ወደ እኛ መጡ።

“ኖር!” ብሎ ክፍሉ በሙሉ ተነሣ።

ታላቅ ሰው ሲገባ መነሣት ልማዳችን ነው፤ እግራችን ከሐሳባችን ቀደመ። ብርሃኑ ከኋላ ነበርና አንሶላውን የጭንቅላታችን ጥላ ሞላው። “በእግዜር” ብሎ የመለሰ የለም።

“ተቀመጡ እንጂ! ለሞተ ሰው ኖር ይባላል?” አሉ አንድ ሽማግሌ።

“ታዲያ አባባ፣ እርስዎ ለምን ቆሙ?” አለቻቸው አንዲት ጎረቤታችን።

ጥቂት ሰው ሳቀ። እናቴ ግን ወደ መምህሩ ዞራ “ጌታዬ፣ አላየኋቸውም፤ ይመልሱልኝ” አለች።

ፊልሙ ተጠንጥኖ እንደገና ተጀመረ። ሁላችንም አግዳሚውን ጨብጠን ተቀመጥን። አባቴ ብቅ ሲሉ የተነሣው አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እናቴ። ሃያ ዓመት ሙሉ ተቀምጣ ተቀብላቸው አታውቅም። ፊት ለፊቷ የምታየው የራሷን ጥላ ነው። ከኋላዋ የነበርሁት እኔ ግን አየኋቸው። ፊታቸው ከነአበባው ነጠላዋ ላይ፣ በሁለት ትከሻዎቿ መካከል አርፎ ነበር።

መምህሩ ለሦስተኛ ጊዜ ሊያሳዩ ሲሉ እናቴ እጇን አነሣች። “ይተዉት። ሁለት ጊዜ ደክመው መጡ፤ ከዚህ በላይ ማንገላታት ነው።”

መንገድ ላይ “አንተስ አየሃቸው?” አለችኝ።

“አየኋቸው።”

“ከስተዋል?”

“አልከሱም።”

ከዚያ ወዲህ በአትክልቱ ቦታ ስናልፍ፣ ነፋስ ሳይኖር ጅብራ የተነቃነቀ ከመሰላት ቆማ ያንኑ ትጠይቀኝ ነበር። እኔም ያንኑ እመልስ ነበር፤ በመጨረሻ ግን ነጠላዋን እንጂ ፊታቸውን ማስታወስ አቃተኝ። አልነገርኋትም። መምህሩ ወደ አገራቸው ሲመለሱ እስከ አውቶቡሱ ሸኘቻቸው፤ ፊልሙ ያለበትን ቆርቆሮ ተቀብላ ሳመችውና መለሰችላቸው። ከዚያ በኋላ ጠይቃኝ አታውቅም። የሸኘቻቸው ሰኔ ፳፬ ቀን ፲፱፻፶፪ ዓ.ም. ነበር።