ትምህርት ቤቱ ለሁለት ሲከፈል

መዝገብ ቤት ሥራ የጀመርኩ ዕለት የምቀመጥበት ወንበር አልነበረም። ጅቡቲ ከተማ ካርቲየ 6 በሚባለው ሰፈር ያለው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤታችን ተማሪ ሞልቶት፣ የቢሮው ወንበር ሳይቀር ወደ ክፍል ተወስዷል። የመዝገብ ቤቱ ኃላፊ ማዳም ኸድራ የወረቀት ሣጥን አስጠግተው፣ ለጊዜው እዚህ ላይ ተቀመጥ አሉኝ። ሳምንቱን እዚያው ላይ አሳለፍኩ።

ተወልጄ ያደግሁት ድሬዳዋ ነው፤ አባቴ ጅቡቲ ሱቅ ሲከፍት ተከትዬው መጣሁ። አማርኛ ስለምችል የኢትዮጵያውያን ወላጆች ጉዳይ ለእኔ ይመራ ነበር። ለእያንዳንዱ ተማሪ አንድ ዶሴ እከፍታለሁ፤ ስም፣ የልደት ወረቀት፣ አሳዳጊ፣ አድራሻ።

አልማዝ ልጇን ራሄልን ይዛ የመጣችው በምዝገባ ሰሞን ነው። እዚሁ ካርቲየ 6 ሰው ቤት ተቀጥራ ትሠራለች፤ የምታድረውም እዚያው ነው። አሠሪዋ ማዳም ራሄል ከእናቷ ጋር እንድትኖር የፈቀደችው ምሳ ሰዓት እየተመለሰች ወጥ ቤት እንድታግዝ ነው። የቤቷ አድራሻ ግን በማንም ወረቀት ላይ እንዲጻፍ አልፈለገችም።

አልማዝን ሌላ ዘመድ እንዳላት ጠየቅኋት። ወንድሟ ከከተማው ዳር፣ ፔካ 12 በሚባለው ሰፈር የጭነት መኪና ጎማ ይጠግናል፤ የሚኖረው ከሾፌሮች ጋር በአንድ ክፍል ነው። የእሱን አድራሻ እንጻፍ ያልኩት እኔ ነኝ። ማንንም የሚጎዳ አልመሰለኝም።

ከዚያ ወዲያ ከተማው እየሰፋ ሄደ። በአንድ ዴስክ አራት ተማሪ ተቀመጠ፣ ቤተ መጻሕፍቱም ክፍል ሆነ። በግንቦት ሙቀት ራሳቸውን ስተው የሚወድቁ ልጆች ነበሩ። ፔካ 12 አዲስ ትምህርት ቤት ተሠርቶ ሲያልቅ ሁላችንም እፎይ አልን።

ዳይሬክተሩ ተማሪውን በአድራሻ እንድከፍል አዘዙኝ። በሁለት ዓምድ እየጻፍኩ ሦስት ሳምንት ፈጀብኝ። የራሄል ዶሴ እጄ ሲገባ አድራሻው እውነተኛ እንዳልሆነ አስታወስኩ። ችግር ከሆነ እናቷ መጥታ ታስተካክላለች ብዬ ስሟን በአዲሱ ትምህርት ቤት ዓምድ ጻፍኩት።

ዝርዝሩ በተለጠፈ ማግስት አልማዝ መጣች።

"ጀማል፣ ራሄል ከፔካ 12 ለምሳ መድረስ አትችልም። ማዳሜ ደግሞ ወይ ሥራው ወይ ትምህርቱ ብላለች" አለችኝ።

አድራሻ ለመቀየር የቤቱ ባለቤት የፈረመው ደብዳቤ ያስፈልግ ነበር። ማዳሟ አልፈርምም አለች። ወደ ዳይሬክተሩ ገብቼ፣ አንዲት ልጅ እዚሁ ሰፈር እንደምትኖር ሰምቻለሁ አልኳቸው።

"ከማን ሰማህ?" አሉኝ።

እኔው ነኝ የተሳሳተውን አድራሻ የጻፍኩት ማለት ነበረብኝ። ከሥራ ያስወጡኛል ብዬ ፈራሁ። ከጎረቤት ነው አልኩ።

"ወሬ ማስረጃ አይሆንም። ለአንዷ ከፈቀድን ነገ ሁሉም በር ላይ ይሰለፋል" አሉና ወደ ሥራቸው ተመለሱ።

ራሄል ጥቂት ወር ሞከረች። በሁለት ሚኒባስ ትሄዳለች፤ ምሳ ሳትበላ ትውላለች። እናቷ የእሷንም ሥራ ደርባ ትሠራ ነበር። በኋላ ዶሴዋ ከአዲሱ ትምህርት ቤት ተመልሶ መጣ። ላዩ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ያቋረጠች የሚል ተጽፎበታል። መደርደሪያ ላይ ያስቀመጥኩት እኔ ነኝ።

ከዓመት በኋላ አንድ ጠዋት ራሄልን ዳቦ ቤት አገኘኋት። ሽርጥ አድርጋ፣ ለተቀጠረችበት ቤት ባጌት ዳቦ ገዝታ አቅፋለች። በአክብሮት ሰላም አለችኝ።

"ጋሼ፣ ዶሴዬ አሁንም አለ?"

"አለ" አልኳት።

"እንግዲያው አንድ ቀን እመለሳለሁ" ብላ ሄደች። እስከ ጡረታዬ ድረስ ግን አልመጣችም።

ትምህርት ቤቱን ለሁለት መክፈሉ ትክክል ነበር፤ ክፍሎቹ ተነፈሱ፣ ልጆቹም በሙቀት መውደቃቸው ቀረ። የእኔ ጥፋት ሌላ ነው። ዶሴ ውስጥ ራሳችሁ የጻፋችሁት ሐሰት ካለ፣ ዝርዝሩ ከመለጠፉ በፊት ለአለቃችሁ ተናገሩ። ከተለጠፈ በኋላ ማስተካከል ከባድ ነው።