እድር የሌላት የዴንማርክ ልጅ

ዓመቱን በትክክል አላስታውሰውም፤ ደርግ እንደነበር ግን አልረሳም። ሰሞኑን ሀና ማርያም ቤቴ መብራት ጠፍቶ ክብሪት ስጭር፣ ሽታው አፍንጫዬን ወጋ አድርጎኝ፣ ያ ላፍቶ የነበረው የቀበሌ አዳራሻችን ፊቴ ላይ ድቅን አለ፤ ብርሃን እንዳይገባ መስኮቱ ላይ የተንጠለጠሉት የየሰዉ ብርድ ልብሶች፣ እሑድ ከሰዓት ፊልም ሊያይ ተጠጋግቶ የሚቀመጠው የሰፈር ሰው ሙቀት ሳይቀር።

የዚያን ቀኑ ፊልም ከዴንማርክ ተረት የተሠራ፣ ድምፅ የሌለው፣ በአያቶቻችን ዘመን የተነሣ አሮጌ ነገር ነው። አንዲት ድሃ ልጅ በበረዶ ውስጥ ክብሪት ትሸጣለች። ታሪኩን ጮክ ብሎ የሚናገር ሰው ሲፈለግ፣ ከአራተኛ ክፍል ያቋረጥኩትን እኔን ድምፄ ጎላ ይላል ብለው አቆሙኝ። ፊልሙን ቀድሞ ያየው ካድሬ ግን፣ "መጨረሻው ላይ ትሞታለች። አንተ ተነሥታ ከሠራተኞች ጋር ተሰለፈች በል፤ የሞተችው አያቷ መጥታ ሰማይ ወሰደቻት ብትል ወዮልህ" ብሎኛል። የዚያን ጊዜ ወዮልህ የተባለ ሰው ወዴት እንደሚሄድ ሕፃኑም ያውቃል።

ልጅቷ ግድግዳ ሥር ክብሪቷን እየጫረች ስትሞቅ እናቶች ከንፈር መጠጡ። ደርቃ ስትቀር አንዷ፣ "ኧረ የሚያነሣት የለም? እድር የላትም እንዴ?" አለች።

"ፈረንጅ ምን እድር አለው፣ ብርድ ብቻ" አለች ሌላዋ፣ ነጠላዋን ለለቅሶ እየዘቀዘቀች።

እነዚህ እናቶች የገዛ ልጆቻቸው ሲገደሉ እንዳያለቅሱ ተከልክለው የከረሙ ናቸው። ታዲያ እነሱን እያየሁ እንዴት ተነሣች እላለሁ? "ሞታለች፤ አያቷ ወስዳታለች" አልኩ፤ አዳራሹም በለቅሶ ተናወጠ።

ካድሬው መብራት አስበርቶ ክንዴን ጨምድዶ ያዘኝ። ይሄኔ ልጇን ያጣች አንዲት ጎረቤታችን ከአግዳሚው ወርዳ ወለሉ ላይ ቁጭ አለች።

"ጓድ፣ ልጁ ያየነውን ነው የነገረን። የምትወስደው ከሆነ እኛንም ጨምረህ ውሰድ፤ ለቅሷችንን ሳንጨርስ ግን አንነሣም።"

ሁሉም እየተከተሏት ተቀመጡ። ለማያውቋት ልጅ ያለቅሳሉ ሲባል፣ የየልጆቻቸውን ስም እየጠሩ አነቡ። ካድሬው ዙሪያውን አየና ክንዴን ለቀቀኝ።

ዛሬ አዳራሹ ፈርሶ ፎቅ ወጥቶበታል። ፊልሙም በስልክ መዳፍ ውስጥ ገብቷል፤ ሰው ለብቻው ጆሮውን ደፍኖ ያያል፣ ልጅ ስትሞትም በጣቱ ገፋ አድርጎ ያልፋታል። አብሮ ማልቀሱ ሄደብን። እኔ ግን ዛሬም ማንም ቢቆጣ የሞተውን ተነሣ አልልም፤ እንዲህ ብዬ እንድቆም ያደረገችኝ፣ ያን ቀን ወለል ላይ የተቀመጠችልኝ እትዬ አስካለ ናት።