ያላለፈችው ጳጉሜ

ጳጉሜ ስድስት ከሃምሳ ቀን በላይ ስትውል አይቻለሁ። የማያምን አይመን፤ በዚህ ዕድሜዬ ማንንም ለማሳመን ጉልበቱ የለኝም።

ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመት ሆኖት ነበር። ባለቤቴ የደብራችን መሪጌታ ነበር። ጾም የሚገባበትን፣ በዓል የሚውልበትን ቆጥሮ ለአገሩ የሚናገረው እሱ ነው። እኔ ደግሞ ሦስት ወልጄ ሦስቱም ክርስትና ሳይነሱ ሞተውብኛል። ያን ክረምት አራተኛውን አርግዤ ቀኔ መስቀል አካባቢ ነበር። እሱ ኮከብ ቆጠረና ፊቱ ጠቆረ።

"መጪው ዓመት ላንቺ ክፉ ነው። ልጁ በአሮጌው ዓመት ካልተወለደ አይተርፍም" አለኝ።

ኤዲያ! አልኩት። ግን ሦስት የቀበረች ሴት ኤዲያ ብላ እንቅልፍ አይወስዳትም።

ሰባት ቀን ሱባዔ ገባ። ከመምህሩ የወረሰው፣ ቀን እንዳያልፍ ስለ መያዝ የተጻፈበት አንድ ቅጠል ብራና ነበረው። ዓመቱ ዘመነ ሉቃስ ስለነበር ጳጉሜ ስድስት ቀን ነበራት። በስድስተኛዋ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ቆሞ ጥላውን በጫማው ለካ። የጥላው ራስ ካረፈበት ቦታ ቆፍሮ ብራናውን ቀበረው። ይህን የነገረው ለእኔ ብቻ ነው።

ነገሩ መጀመሪያ የገባው ለእኛ ለሴቶቹ ነው። ለዘመን መለወጫ የጠነሰስነው ጠላ አልፈላም አለ። ሊጥ አይቦካም፤ የታቀፈች ዶሮ አትፈለፍልም። ይመሻል፣ ይነጋል፤ ጨረቃዋ ግን ያችው ናት፤ ዝናቡም በዚያው ሰዓት ይመጣል። ገብሱ እንዳዘረዘረ ቆሞ ቀረ። ሆድ ግን መቼ ይቆማል! ጎተራው በየቀኑ ይጎድላል።

ሞላሌ ገበያ የሄደ ሰው "እዚያ እኮ መስቀል አልፏል!" እያለ ተመለሰ፤ ሰክሮ ነው ተባለ። ቀጥሎ የቀበሌያችን ሊቀመንበር ወረዳ ተጠርቶ ሄደ። ሦስት ስብሰባ ቀርተሃል ብለው ሂስ አወረዱበት። "በእኛ ገና ጳጉሜ ነው ብላቸው ሳቁብኝ" አለን፣ ሊያለቅስ ምንም አልቀረው። ካህናቱ የእግዚአብሔር ቁጣ ነው ብለው ምሕላ ያዙ። ባለቤቴም አብሯቸው "እግዚኦ" ይላል። ወይ ድፍረት!

እኔን ያስፈራኝ ሆዴ ነው። ልጁ ጧት ጧት አንድ ጊዜ ይራገጣል፤ በዚያው ጎኔ፣ በዚያው ሰዓት። ከዚያ ወዲያ ጸጥ። አርባ ቀን እንዲህ ሲሆን ደሜ ፈላ።

"አንተ ሰውዬ፣ ጤና የለህም? ቀን ካልሄደ ልጅ በምን ይወለዳል?"

ያን ሁሉ ቁጥር የሚያውቅ ሰው ማሕፀንም በቀን እንደሚሄድ አላሰበውም።

"ሂድና አውጣው!" አልኩት።

"ካወጣሁት የተያዘው ቀን ሁሉ ባንዴ ይወርዳል" አለኝ። "ልጁ ሆድሽ ውስጥ እያለ ከወረደ አይተርፍም። የደብሩ ወሰን ወንዙ ነው፤ ከዚያ ማዶ ቀኑ ይሄዳል። ተሻግረሽ አክስትሽ ቤት ውለጂ። እልልታውን ስሰማ አወጣዋለሁ።"

"ክፉ ነው ያልከው ዓመትስ?"

"ተይው እሱን።"

"ሕዝቡስ? የሰው ጎተራ እኮ አለቀ።"

"ሁለት ሳምንት ነው" አለ።

እኔም ዝም አልኩ። ያ ዝምታዬ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ግን ያ ቀን ተመልሶ ቢመጣ ያው ዝም እላለሁ፤ ምን ልዋሽ።

ደግፋ ያሻገረችኝ ጎረቤቴ ናት። አዋላጅ ናት፤ እጇ ይባረክ። የሚጠባ ልጅ ስላላት አድርሳኝ ተመለሰች። ምጥ ሲይዘኝ ተጠርታ ስትመጣ ግን ጉንጯ ጎድጉዷል። "ጡቴ ነጠፈ እቴ፤ ልጁ አላስተኛ አለኝ" አለችኝ ወገቤን እያሸች። ሴት ልጅ ተቀበለችልኝ። ሦስት ጊዜ እልል ያለችውም እሷው ናት።

አክስቴ በር ላይ ሆነን ማዶውን አየነው። የሃምሳ ሌሊት ውርጭ ባንድ ጊዜ ወረደ። ለምለሙ ገብስ ዓይናችን እያየ ጠቆረ፤ ወዲያው ደርቆ ተኛ። ጠላው ጋኑን እየሰነጠቀ እንደፈሰሰ ኋላ ሰማን። ጎረቤቴ ነጠላዋን ጥላ ወደ ልጇ ሮጠች።

ወረዳው ጉዳቱን ውርጭ ብሎ መዘገበው። የእርዳታ ስንዴ እስኪደርስ በጎቹም አለቁ። የጎረቤቴ ልጅ ታኅሣሥ ላይ ሞተ። ባለቤቴ ፍትሐቱ ላይ ቆሞ አንድ ቃል አልወጣው አለ፤ ሰው ሐዘኑ ጸንቶበት ነው አለ። ከዚያ ወዲህ ቀን አልቆጠረም።

የእኔዋ ሰማንያ ቀኗ ሲደርስ ጎረቤቴ ቤቴ መጣች። "ክርስትና እኔ ላንሳት፤ የእኔ ቢሄድ ይቺ አለችልኝ" አለች። እምቢ ማለት አቃተኝ።

ልጄ ዛሬ ትዳር ይዛለች። ለበዓል ስትመጣ መጀመሪያ የምትስመው ክርስትና እናቷን ነው። ጎረቤቴም "የኔ ልጅ፣ የኔ ልጅ" እያለች አንገቷ ሥር ትወሸቃለች። የብራናውን ነገር እስከ ዛሬ አልነገርኳትም። ሰበብ ፈልጌ ከቤት እወጣለሁ።