ጆንያ የለበሰው ቆጣሪ

ነገሩ የሆነው ባለፈው ሚያዝያ ነው። መተማ ዮሐንስን በሚያዝያ ላላየ አንባቢ፣ የበር እጀታ በጨርቅ ይዘን የምንከፍትበት ወር ነው ብዬ ልለፈው። ከአእምሮዬ ያልወጣው ግን ሙቀቱ ሳይሆን ፈርም ተብዬ የቀረበልኝ ወረቀት ነው።

ትንሽ የፎቶ ኮፒ ቤት አለችኝ። የመብራት ቆጣሪዬ የተሰቀለው የከሰዓት ፀሐይ በሚያገኘው ግድግዳ ላይ ነው። ሲግል መስታወቱ ይጠቁርና ቁጥሩ አይታይም። ስለዚህ እንደ ሰፈሩ ሰው ሁሉ ባዶ የሰሊጥ ጆንያ አለበስኩት። ቆጣሪ አንባቢው በየወሩ ይመጣል፤ ጆንያውን ገለጥ አድርጎ ያነባል፤ መልሶ ያለብሰዋል። ዓመታት እንዲህ ኖርን።

በዚያ ወር ከደጋ የመጣ አዲስ አንባቢ ተመደበ። ጆንያ መግለጥ ሥራው አልመሰለውም። "ቆጣሪው ተሸፍኗል" ብሎ ጻፈና ሄደ። በሳምንቱ መብራቴ ተቆረጠ። ቅጣት ተጣለብኝ፤ ያንን ቅጣት በጊዜው አልከፈልክም ተብሎም ሌላ ቅጣት ታከለበት። የመጀመሪያውን ማንም አልነገረኝም ነበር።

መብራት ኃይል ቢሮ ሄድኩ። የደንበኞች ጉዳይ ሠራተኛዋ ጨዋ ሴት ናት፤ ወንበር ሳበችልኝ።

"ጋሼ፣ ይቺን ይፈርሙና ቅጣቱ በግማሽ ይቀነስልዎታል። መብራቱም ዛሬውኑ ይቀጠላል።"

ወረቀቱን አነበብኩት። "ቆጣሪ ሸፍኜ ኃይል መስረቄን አምኜ..." ይላል።

"አልሰረቅሁም እኮ።"

"እሱማ እናውቃለን። ፎርሙ ነው እንዲህ የሚለው።"

"እንግዲያው ፎርሙ ይፈርም" ብያት ወጣሁ።

ብዙ መጽሐፍ አንብቤያለሁ። ሳይሰርቅ ሌባ ነኝ እንዲል በቅናሽ ዋጋ የሚለመን ሰው ግን አንዱም ውስጥ አላጋጠመኝም።

"አንተ ሰው፣ ስምህን ጽፈህ ብትገላገል ምን አለበት?" አለች ባለቤቴ።

"ስሜ ስለሆነ ነዋ!"

ሽማግሌ እንላክ ያሉም ነበሩ። ላላጠፋሁት ይቅርታ የሚጠይቅልኝ ሽማግሌ አልፈልግም ብዬ ለወረዳው ፍርድ ቤት አቤቱታ አስገባሁ። በእጄ ነው የጻፍኩት፤ ማሽኖቼ ሥራ ፈትተዋል።

በቀጠሮው ቀን የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሣና፣ "ክብርት ዳኛ፣ ንጹሕ ሰው ቆጣሪውን አይሸፍንም" አለ።

"የዚህ ፍርድ ቤት ቆጣሪ ከጓሮ ነው። ይታይልኝ" አልኩ።

ዳኛዋ ጥቂት አሰቡና ተነሡ። ሁላችንም ተከትለናቸው ወጣን። የፍርድ ቤቱ ቆጣሪ ጆንያውን ለብሶ፣ ወገቡን በሲባጎ ታስሮ ቆሟል። ራኩባ ከምንለው የሣር ዳስ ጥላ ሥር ተራ የሚጠብቁ አንድ ገበሬ፣ "ዳኛዋም ሊቀጡ ነው በሉኛ!" አሉ፣ ድምፃቸውን ሳይቀንሱ። ሰው ሁሉ ሳቀ።

ዳኛዋ አልሳቁም። ጆንያውን ገልጠው ቁጥሩን ጮክ ብለው አነበቡ። ከዚያ ወደ ነገረ ፈጁ ዞረው፣ "ይህን ለማንበብ ምን ያህል ጊዜ ወሰደብኝ?" ሲሉ ጠየቁት። እሱ ፋይሉን ማገላበጥ ያዘ።

ሁለቱም ቅጣት ተሰረዘ። መብራቱ የተቀጠለው ግን ከውሳኔው አሥር ቀን በኋላ ነው። ውሳኔ ለማንበብም ጊዜ ይፈጃል መሰለኝ።

"ዕድለኛ ነህ" የሚለኝ ሰው በዝቷል። ይህ ቃል ያናድደኛል። አልሰረቅሁም ማለት ዕድል የሚባለው ከመቼ ጀምሮ ነው?

መብራቴ በተቀጠለ ማግስት አቶ ሞላ የሚባሉ ጎረቤቴ መጡ፤ ሰሊጥ አምራች ናቸው። እሳቸውም በጆንያ ተቀጥተው ኖሯል። ማንበብ አይችሉም። "መብራት ማስቀጠያ ነው ብለውኝ በአውራ ጣቴ ፈረምኩ" አሉኝ። በወረቀት ላይ ሌባ መሆናቸውን የሰሙት ከእኔ አፍ ነው። አውራ ጣታቸውን ገልብጠው አዩት።

አሁን የእሳቸውን አቤቱታ እየጻፍኩ ነው። ነገረ ፈጁ አሻራቸው አለ ማለቱ አይቀርም። ይበል። ንዴቴ አልበረደም፤ እንዲበርድም አልቸኩልም።

"ብንሸነፍስ?" አሉኝ ትናንት።

"ይግባኝ እንላለና።"

"እስከዚያስ?"

"እስከዚያ እኔ ሳላነብልዎ ጣትዎን ለማንም እንዳይሰጡ።"