ጋሼ ከጅዳ ያመጣው ኦርጅናል

ኦርጅናል እያለ ሰው ለምን በኮፒ ይጫወታል ብሎ የሚገረም ካለ፣ ወዲህ ይምጣና እኔን ይጠይቀኝ። ጎንደር፣ አዲስ ዓለም፣ ከአባቴ የጨርቅ ሱቅ ጀርባ ባለችው ክፍል ጌም ቤት ነበረኝ። እናቴ «ሴት ልጅና ጌም ቤት! ያ አላህ!» እያለች ጉድ ትል ነበር።

ጋሼ የምለው ታላቅ ወንድሜ ከጅዳ ለእረፍት ሲመጣ፣ ላስቲኩ እንኳ ያልተቀደደ ኦርጅናል የኳስ ጌም አመጣልኝ። በደስታ የምይዘው የምጨብጠው ጠፋኝ። ሲከፈት ግን ወይ ጣጣ! ለአሮጌው ፕሌይስቴሽኔ ከብዶት ተጫዋቾቹ ጭቃ ውስጥ እንደገባ ሰው ይንቀረፈፋሉ፤ ጎል ሊገባ ሲል ደግሞ ማሽኑ ድርቅ! በእኛ ቤት ሕግ ማሽን ከደረቀ ጨዋታው ይሰረዛል፤ ሁለቱም ተነስተው ለተረኛ ይለቃሉ። አራት ለባዶ እየመራ የተነሳን ሰው ኩርፊያ እኔ ነኝ የማውቀው።

ፒያሳ ያለው ሲዲ ሻጭ የዚያኑ ጌም ኮፒ ይሸጥ ነበር። ኮፒ የሚሠሩት ሰዎች የመግቢያውን ፊልም ቆርጠው፣ ተመልካቹን ከስታዲየም አባረው፣ ጌሙን ቀለል አድርገውታል። አንዴም አይደርቅ! ገዛሁ። ጋሼ ብቅ ሲል ግን ቶሎ ብዬ ኦርጅናሉን አስገባለሁ። ስንት ለፍቶ ያመጣውን ናቅሽብኝ ብሎ እንዳይከፋው ፈርቼ ነበር።

የዒድ ዕለት ከምሳ በኋላ ጋሼ ራሱ ከሰፈራችን ልብስ ሰፊ ጋር ሊጫወት ተቀመጠ። ሁለት ለባዶ እየመራ ሳለ ማሽኑ ድርቅ አለ።

«ተነሱ!» ብሎ ቤቱ ጮኸ።

«ምነው! እየመራሁ እኮ ነው!»

ልብስ ሰፊው ምላሱ አያርፍም፤ «አንቺ ደግሞ፣ ኮፒውን አስገቢልን እንጂ!» አለኝ።

ፊቴ እሳት ሆነ።

«ኮፒ አለሽ?» አለ ጋሼ።

«አለኝ።»

«ታዲያ ምነው ደበቅሽኝ?»

«እንዳይከፋህ ብዬ ነዋ!»

ጋሼ ሆዱን ይዞ ሳቀ። «አንቺ ሞኝ! እኛ ጅዳ የምንጫወተው በምን መሰለሽ? በኮፒ ነው። ኦርጅናል ገዝቼ የማውቀው አንዴ ነው፣ እሱንም ላንቺ።»

አንጀቴን በላው። ሰው ሁሉ ሲስቅ እኔ ፊቴን ወደ ግድግዳው አዙሬ አለቀስኩ።